የዳሌ ስብራት መዘዝ፦ ኮዱ ከየት ይጀምራል?

የአክስቴን ቀኝ ጫማ ገልብጦ ያየ ሰው የሕክምና ቻርቷን ማንበብ አያስፈልገውም። ደሴ ፒያሳ ጥግ ላይ የሚቀመጠው ጫማ ሰፊ ከመኪና ጎማ ቆርጦ ሁለት ጣት የሚሞላ ሶል ደርቦበታል፤ ግራው ግን እንደተገዛ ነው። ከዓመታት በፊት በሐምሌ ጭቃ፣ ሰኞ ገበያ ውላ ስትመለስ፣ ቁልቁለቱ ላይ አዳልጧት ወደቀች። ሆስፒታል አልሄደችም። ወጌሻ መጥቶ አሻት፣ በቀርከሃ አሰራት፣ ሦስት ወር ተኛች። «አልሐምዱሊላህ፣ ተነሳሁ» ትላለች እስከ ዛሬ። እውነቷን ነው፣ ተነስታለች። ቀኝ እግሯ ግን አጥሯል፤ ስትሄድ ወደ አንድ ጎን ታዘማለች፤ ብርድ ሲጠና ከጦሳ ተራራ የሚወርደው ነፋስ በቀጥታ ዳሌዋ ውስጥ የሚገባ ይመስላታል።

እኔ የጤና መረጃ ቴክኒሽያን ነኝ። ስድስት ዓመት ካርድ ክፍል ሠርቻለሁ፤ አሁን ቤቴ ሆኜ ለአሜሪካ ክሊኒኮች ኮድ አደርጋለሁ፤ ሐኪሙ የጻፈውን ለኢንሹራንስ ወደሚላክ የበሽታ ኮድ እለውጣለሁ ማለት ነው። እነሱ ምሥራቅ ዳርቻ ላይ ጠዋት ሁለት ሰዓት ሥራ ሲጀምሩ እኛ ጋ ከቀኑ ዘጠኝ ነው፣ በእነሱ ክረምት ደግሞ አሥር። ስለዚህ እኔ ኮምፒውተሬን የምከፍተው ሌላው ቤቱን ሊዘጋ ሲዘጋጅ ነው። ቅዳሜ ጠዋት ሦስት ልጆች ሊማሩ ይመጣሉ፤ ሁለቱ ከኮምቦልቻ ናቸው፤ በሐረጎ ጠመዝማዛ በሚኒባስ ሲወጡ ቆይተው ገና ከበር ሲገቡ «ኧረ ይሄ ብርድ!» ይላሉ። ከሁሉ የሚያወላውላቸው የዳሌ ስብራት መዘዝ ነው። በየሳምንቱ ከምደጋግመው ብዬ ጻፍኩት።

ኮዶቹን ፊደላቸውን እንደምንጠራው ነው ያስቀመጥኳቸው። ኤስ72 ስል፣ ሶፍትዌሩ ላይ የምትመቱት የላቲኑን ፊደል ነው።

መዘዝ ማለት

እንግሊዝኛው ቃል፣ ሲክዌላ፣ ተማሪ ያስደነግጣል። አማርኛችን ግን ጉዳዩን አንድ ቃል ላይ ጨርሶታል፦ መዘዝ። ስብራቱ አልፏል፣ ያመጣው ነገር ቀርቷል። አሜሪካኖቹ የሚሠሩበት የበሽታ ኮድ ዝርዝር፣ የአይሲዲ-10-ሲኤም፣ መመሪያም ከዚህ የራቀ አይልም፤ የጉዳቱ አጣዳፊ ጊዜ ካበቃ በኋላ የቀረ ሁኔታ ነው ይላል። የጊዜ ገደብ አላበጀለትም። በስድስት ወርም ይምጣ በሃያ ዓመት፣ ከስብራቱ የመጣ ከሆነ መዘዝ ነው።

እዚህ ላይ የኮሌጁ ትምህርት ያምታታችኋል። በዓለም ጤና ድርጅቱ አይሲዲ-10 ለጭን አጥንት ስብራት መዘዝ የተለየ ኮድ አለ፣ ቲ93.1። እሱ «መዘዝ» ተብሎ የተጻፈውንም፣ ከጉዳቱ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ ቆይቶ የሚታየውንም ያጠቃልላል። አሜሪካኖቹ ይህን ኮድ አልወሰዱትም። እነሱ የድሮውን የስብራት ኮድ ራሱን ይዘው ሰባተኛው ቦታ ላይ ኤስ ይጨምሩበታል። ስለዚህ ለአሜሪካ ክሊኒክ ቲ93.1 ብትጽፉ ሲስተሙ አያውቀውም፤ የአንድ ዓመቱንም መስፈርት እርሱት። እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 1 ቀን 2015 በፊት የተሠራ ቻርት ከገጠማችሁ ደግሞ 905.3 ታገኛላችሁ። የአይሲዲ-9 ቅጂያቸው የጭን አጥንት አንገት ስብራት መዘዝ ነው፤ ቀኝ ይሁን ግራ እንኳ አይለይም ነበር። እሱን አይታችሁ እለፉት።

ቅደም ተከተሉ

ቻርቱን ስትከፍቱ ሁለት ነገር ጠይቁ። ሰውየው ዛሬ ምን አለበት? ይህስ ከምን መጣ? የመጀመሪያው ጥያቄ መልስ መጀመሪያ ይጻፋል፤ የሁለተኛው፣ ማለትም ኤስ የተጨመረበት የስብራት ኮድ፣ ይከተላል። ኤሱ የሚለጠፈው በስብራቱ ኮድ ላይ ብቻ ነው፤ ዛሬ ባለው ችግር ኮድ ላይ አይደለም። የወደቀበትን ምክንያት የሚገልጸው ኮድ ካለ እሱም በኤስ ያልቃል፤ ለምሳሌ አወዳደቁ ያልተገለጸ ከሆነ ደብልዩ19.ኤክስኤክስኤክስኤስ። ሦስቱ ኤክሶች ቦታ መሙያ ናቸው፤ አንዱን ብትዘሉ ኮዱ ይሰበራል።

ይህን የማውቀው ተግሳጽ ቀምሼ ነው። ሥራ በጀመርኩ ወር የነበርኩበት ድርጅት ኳሊቲ ክፍል አሥራ አንድ ቻርት በአንድ ቀን መለሰብኝ። ከጎኑ «ስህተት» ከሚል ቃል በቀር ምንም የለም፤ ክፍያው ግን ወዲያው ተቆረጠ። ማን ያስረዳሽ? ሌሊቱን መመሪያውን ከመጀመሪያው ገጽ ሳነብ አደርኩ። ግማሾቹ ላይ የስብራቱን ኮድ አስቀድሜ የዛሬውን ችግር አስከትዬ ነበር። በቀሩት ላይ ደግሞ የባሰ ሠርቼ ነበር፦ ስብራቱን በኤ፣ ማለትም አሁን ገና በሕክምና ላይ እንዳለ፣ ጽፌ ከሥሩ መዘዙን ጨምሬ። የአጣዳፊው ጊዜ ኮድና የመዘዙ ኮድ ለአንድ ስብራት አብረው አይሄዱም። ከአራት ዓመት በፊት የተሰበረን ዳሌ በኤ ስትጽፉ ለኢንሹራንሱ «ሴትዮዋ ዛሬ ተሰበረች» እያላችሁት ነው። ኦዲት ሲመጣ መጀመሪያ የሚመዘዘው ይሄ ነው።

መዘዝ ያልሆነውን ለዩ

አብዛኛው ስህተት ኮድ ካለማወቅ አይመጣም፤ መዘዝ ያልሆነውን መዘዝ ከማለት ነው። አጥንቱ ገና እየጠገነ ከሆነ መዘዝ አይደለም። ከቀዶ ጥገናው ስድስት ሳምንት በኋላ በዎከር እየተራመደ ፊዚዮቴራፒ የሚመጣ ሰው ያነክሳል፣ ያመዋል፤ ግን ገና በማገገም ላይ ነው። የእሱ ስብራት ሰባተኛ ፊደል ዲ ነው። መግጠሙ ከዘገየ ጂ፣ አጥንቱ አልገጥም ካለ ኬ፣ ተጣሞ ከገጠመ ፒ። እነዚህ ለዝግ ስብራት ናቸው፤ ክፍት ስብራት የራሱ ፊደሎች አሉት፣ የኮዶቹን ሰንጠረዥ እዩ። ቻርቱ ክፍት ወይም ዝግ ካላለ ዝግ ትላላችሁ። የተሰበረው አጥንት ከቦታው ተንሸራቷል ወይም አልተንሸራተተም ካላለ ደግሞ የተንሸራተተ ትላላችሁ። ሁለቱም የመመሪያው ቃል ናቸው፣ የኔ ግምት አይደሉም።

ድኖ ምንም ያልቀረበት ሰውም መዘዝ የለበትም። ለጉንፋን መጥቶ «ከዓመታት በፊት ዳሌዬ ተሰብሮ ነበር» ካለ ታሪክ ነው፣ ዜድ87.81። አጥንቱ የሳሳ ሆኖ የተሰበረና የዳነ ከሆነ ደግሞ ዜድ87.310፣ ከአጥንት መሳሳቱ ኮድ ከኤም81.0 ጋር።

የአጥንት መሳሳቱን በጥንቃቄ ያዙት። ኦስቲዮፖሮሲስ እንዳለባት የታወቀ ሴት ቆማ ከነበረበት ዝም ብላ ብትወድቅና ዳሌዋ ቢሰበር፣ ጤነኛ አጥንት በዚያ አወዳደቅ የማይሰበር ከሆነ፣ ቤታችሁ የጉዳት ስብራቱ ኤስ72 አይደለም። ከአጥንት መሳሳት የመጣው ስብራት ኤም80 ነው፤ ለዚያ ጭን ቀኝ ኤም80.051፣ ግራ ኤም80.052፣ ሰባተኛው ላይ እንደ ሁኔታው። የመዘዙም ኤስ እዚያው ላይ ይለጠፋል። ብዙ ቻርት ላይ «ወደቀች» የሚለውን ቃል አይተን ወደ ጉዳት ምዕራፍ እንሮጣለን። አትሩጡ፣ የመድኃኒት ዝርዝሩን እዩ። ለአጥንት መሳሳት የሚሰጥ መድኃኒት ካለና ምርመራው ግን ካልተጻፈ ሐኪሙን ጠይቁ፤ ከመድኃኒት ተነስታችሁ በሽታ አትሰይሙ።

ሰው ሠራሽ ዳሌ የገባላቸውም ሌላ መንገድ አላቸው። መኖሩን ብቻ ለመግለጽ ቀኝ ዜድ96.641፣ ግራ ዜድ96.642። የገባው ነገር ራሱ ቢላላ ግን የስብራቱ መዘዝ መሆኑ ቀርቶ የመሣሪያው ችግር ይሆናል፤ የቀኙ መላላት ቲ84.030 ነው። ፊደሉም በዚያው ሕግ ይመረጣል።

አንገትና ከአንገት በታች

ቻርቱ ላይ «ዳሌ» ሲል ምን ማለቱ እንደሆነ እወቁ። በኛ አነጋገር ዳሌ ሰፊ ነው፤ ከወገብ በታች ያለው ሁሉ ዳሌ ይባላል። የዳሌ ጎድጓዳው አጥንት፣ ፔልቪስ የሚባለው፣ ኤስ32 ውስጥ ነው። የኛ ጉዳይ የጭን አጥንት የላይኛው ጫፍ ነው፣ ኤስ72። በኮዶቹ ማውጫ፣ ኢንዴክሱ ላይ «የዳሌ ስብራት» ብላችሁ ብትፈልጉ ወደ ጭን አጥንት አንገት ይመራችኋል፤ ከዚህ በላይ ዝርዝር ከሌለ ኤስ72.00 ሥር ትገባላችሁ፣ ቀኝ ኤስ72.001፣ ግራ ኤስ72.002።

ዝርዝር ካለ ግን አትተዉት፤ መዘዙን የሚወስነው ስብራቱ የነበረበት ቦታ ነውና። የጭን አጥንት ራስ ደሙን በዋናነት የሚያገኘው አንገቱን ታክከው በሚወጡ ቀጫጭን የደም ሥሮች ነው። አንገቱ ተሰብሮ ሲንሸራተት እነዚያ ሊበጠሱ ይችላሉ፤ ያኔ ራሱ ደም አጥቶ ቀስ በቀስ ይሞታል። የዚህ መዘዝ ቀኝ ኤም87.251፣ ግራ ኤም87.252 ነው፦ ከቀድሞ ጉዳት የመጣ የአጥንት ሞት። ከአንገቱ በታች፣ በሁለቱ ጉብታዎች መካከል የተሰበረ ግን ብዙ ጊዜ ደም አያጣም። ይገጥማል። ችግሩ እንዴት እንደሚገጥም ነው፤ ካልተያዘለት ጡንቻው ወደ ላይ ይስበውና አጥሮና ተጣሞ ይገጥማል። የአክስቴ ይሄኛው ነበር። ከገጠመ በኋላ መገጣጠሚያው እየተበላ ሲሄድ ደግሞ ከጉዳት የመጣ ኦስቲዮአርትራይተስ ይባላል፤ ቀኝ ኤም16.51፣ ግራ ኤም16.52። ይህን ከጻፋችሁ የዳሌ ሕመም የሚለውን ኤም25.551 አትጨምሩ፤ ሕመሙ የበሽታው አካል ነው።

አክስቴን ኮድ እናድርጋት

ባለፈው ዓመት አባብዬ ራጅ አስነሳኋት። የአጥንት ሐኪሙ የጻፈው በአጭሩ ይህ ነው፦ በቀኝ ጭን አጥንት በጉብታዎቹ መካከል የነበረ አሮጌ ስብራት፣ ሙሉ በሙሉ የገጠመ፤ በዚሁ ምክንያት የቀኝ እግር ማጠር፤ የአረማመድ ችግር። ይህ ቻርት አሜሪካ ክሊኒክ ቢሆን ኖሮ?

ዛሬ ያለባት፦ የእግር ማጠር። ኤም21.75 የጭን ነው። እዚህ ጋ ልጆቹ ሁሉ ይሳሳታሉ፤ ግራ እግር ረዘመ ወይስ ቀኝ አጠረ? ሰንጠረዡ ላይ ማስታወሻ አለ፦ ቦታው የአጭሩ እግር ይሁን። ስለዚህ ኤም21.751። አረማመዱ አር26.89። ከምን መጣ፦ ኤስ72.141ኤስ፤ ስለ መንሸራተት ምንም አልተጻፈም፣ ስለዚህ የተንሸራተተ። ቻርቱ «በጉብታዎቹ መካከል» ባይልና የጉብታ ስብራት ብቻ ቢል ኖሮ ኤስ72.101ኤስ እንል ነበር። አዳልጧት በቆመችበት መሬት ላይ ወደቀች ከተባለ፣ ስትወድቅ ከሌላ ነገር ጋር ካልተጋጨች፣ ደብልዩ01.0ኤክስኤክስኤስ ይከተላል። የወደቀችበት ቦታ፣ ገበያም ይሁን ቤት፣ ምን ስትሠራ እንደነበርም፣ ለመዘዝ አይጻፍም፤ ያ ለመጀመሪያው ጊዜ ነበር።

አሁን አንድ ቃል እንለውጥ። ሐኪሙ «የገጠመ» ብሎ ባይተወውና «ተጣሞ የገጠመ ስብራት፣ ለማቃናት ቀዶ ጥገና ይደረግላት» ቢል፣ መዘዝ አይደለም፤ የሚታከመው ራሱ ስብራቱ ነው። ታዲያ ፒ ነው? መመሪያው እዚህ ላይ እኛን ያሰበ የሚመስል ዓረፍተ ነገር አለው፦ ለስብራቱ ሕክምና ዘግይቶ የመጣ ሰው የመጀመሪያ ሕክምናው ፊደል ይሰጠዋል። ማለትም ኤ። ወጌሻ ጋ ቆይቶ ለመጀመሪያ ጊዜ ሆስፒታል የደረሰ ሰው ቻርት እጃችሁ ቢገባ ይህን አስታውሱ። ያው አንድ እግር፣ ያው አንድ ራጅ፤ ሐኪሙ የመረጠው ቃል ነው ኮዱን የሚያዞረው።

ካልተጻፈ

የሐኪም ቃል እንዲህ ከባድ ስለሆነ የናንተ ግምት ቦታ የለውም። ቻርቱ የእ.ኤ.አ. 2019 የቀኝ ዳሌ ስብራት ታሪክ አለው፣ ዛሬ ደግሞ «የቀኝ ዳሌ ኦስቲዮአርትራይተስ» ይላል። ማንም ያያይዘዋል፤ አክስቴም ታያይዘዋለች። ኮደር ግን አያያይዝም። አርትራይተስ በዕድሜም ይመጣል። ሐኪሙ «ከስብራቱ የመጣ» ካላለ ጠይቁት።

አጠያየቁም ወግ አለው። «አርትራይተሱ ከ2019ኙ ስብራት የመጣ ነው፣ አይደል?» ብላችሁ አትጻፉ፤ መልሱን አጉርሳችሁታል። እኔ እንዲህ እጽፋለሁ፦ «ዶክተር፣ በዛሬው ማስታወሻ የቀኝ ዳሌ ኦስቲዮአርትራይተስ ተመዝግቧል። ቻርቱ የ2019 የቀኝ ጭን አጥንት አንገት ስብራትም ያሳያል። የአርትራይተሱ መንስኤ የሚታወቅ ከሆነ ቢገልጹልን፦ ከቀድሞ ጉዳት፣ ቀዳማዊ፣ ሌላ፣ ወይም መለየት የማይቻል።» በእርግጥ የምልከው በእንግሊዝኛ ነው። ሁለት ቀን ሳይመልስ ከቆየ አስታውሱት እንጂ ራሳችሁ አትመልሱለት።

ቀኝና ግራ ግን ይቀልላል። ሐኪሙ ጎኑን ካልጻፈ ከነርሷ ወይም ከፊዚዮቴራፒስቱ ማስታወሻ መውሰድ ይፈቀዳል። ሥር የሰደደው ሕመም ራሱ የመጣበት ጉዳይ ሆኖ «ከጉዳት የመጣ» ተብሎ ከተጻፈ ጂ89.21 አለ። የዳሌው መጨማተር ቀኝ ኤም24.551፣ ግራ ኤም24.552። የቀሩትን ከሰንጠረዡ ታገኟቸዋላችሁ፤ በቃል አትያዙ፣ በየዓመቱ ኦክቶበር 1 ይታደሳል። ጽሑፌን ከሁለት ዓመት በኋላ የምታነቡ ልጆች አብሽሩ፣ ግን ኮዱን ቼክ አድርጉ።

ባለፈው ቅዳሜ ልጆቹ ይህንኑ ሲሠሩ አክስቴ ቡና እያፈላች ነበር። ከኮምቦልቻ ከሚመጡት አንዱ ልጅ ኤም21.752 ብሎ የግራውን ጻፈ። ምንም ሳትናገር ቀኝ ጫማዋን አውልቃ ደብተሩ ላይ አስቀመጠችለት። ልጁ አፍሮ አስተካከለ። ከዚያ ወደ እኔ ዞራ፣

«ስንት ቁጥር ሆንኩ?» አለች።

«አራት፣ እታለም።»

«ወገቤስ? ከእግሬ በላይ የሚያንገበግበኝ ወገቤ አይደል?»

«ሐኪሙ አልጻፈውማ። እኔ መጨመር አልችልም።»

ጀበናውን እያዘነበለች ትንሽ ዝም አለች። «ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም፣ ስሄድ እነግረው አልነበር?» አለች። ለመጪው ሳምንት ቀጠሮ አስይዣለሁ።